«ይህ ዲኤልኤል አልተገኘም» ሲላችሁ፦ ፋይሉን አትፈልጉ፣ ባለቤቱን ፈልጉ

ባለፈው ቅዳሜ አንድ ጋሼ ከሐይቅ ድረስ ላፕቶፓቸውን በፌስታል ጠቅልለው ደሴ ወዳለው የኮምፒውተር ጥገና ሱቄ መጡ። ጡረታ የወጡ መምህር ናቸው። አሁን የሁለት ወፍጮ ቤቶችን ሒሳብ ይይዛሉ። ከሐይቅ ደሴ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሚኒባስ ውስጥ ላፕቶፑን እንደ ሕፃን ጭናቸው ላይ አድርገው ነው የመጡት። ገና ሳይቀመጡ «ልጄ፣ ፎርማት አድርጊልኝ» አሉ።

«አብሽሩ ጋሼ፣ መጀመሪያ እንየው» አልኳቸው።

የሒሳብ ፕሮግራሙን ከፈትኩት። ቀይ ምልክት ያላት ትንሽ መስኮት መጣችና አንድ ቁጥር ጻፈች፦ 0ኤክስሲ000007ቢ። ፕሮግራሙ ግን አልተከፈተም። ጋሼ ስልካቸውን አውጥተው ከሦስት ቀን በፊት ያነሱትን ፎቶ አሳዩኝ። ያኔ መስኮቷ የምትለው ሌላ ነበር። «ቪሲራንታይም140.ዲኤልኤል ስላልተገኘ መቀጠል አይቻልም። ፕሮግራሙን እንደገና መጫን ችግሩን ሊፈታው ይችላል» ትላለች፣ በእንግሊዝኛ። በመሃል የእህታቸው ልጅ ሊረዳቸው ሞክሯል። ያንን ስም ጎግል ላይ ፈልጎ፣ ካገኘው ድረ ገጽ ፋይሉን አውርዶ፣ ዊንዶውስ ውስጥ አስቀምጦታል። መልእክቷ ተቀየረች፣ ችግሩ ባለበት ቀረ።

ፎርማት አላደረግኩትም። ሃያ ደቂቃ ነው የፈጀብኝ። ጋሼም የሁለት ዓመት ሒሳባቸውን እንደያዙ ወደ ሐይቅ ተመለሱ።

ይህን የምጽፈው ብዙ ሰው እንደ ጋሼ ዕድለኛ ስላልሆነ ነው። በዚህች ትንሽ መስኮት ምክንያት ሃርድ ዲስኩን አስጠርጎ፣ የልጆቹን ፎቶ አጥቶ የሚሄድ ሰው በየወሩ አያለሁ። በጣም ያሳዝነኛል። አብዛኛውን ጊዜ ምንም መጥፋት አልነበረበትም።

የቅሬ ዕቃ ቤት

ዲኤልኤል ዳይናሚክ ሊንክ ላይብረሪ የሚሉት የሦስት ቃላት ምህጻር ነው። ላይብረሪ ሲባል ቶሎ የሚመጣልን ቤተ መጻሕፍት ነው። በዚያ መንገድ ከሄድን አንግባባም። እኔ ለደንበኞቼ የማስረዳው በቅሬ ነው።

ቅሬን የወሎ ሰው ያውቀዋል። ሌላው አገር እድር የሚለው ነው። እናቴ የሰፈራችንን ቅሬ ዕቃ ቤት ቁልፍ ለብዙ ዓመት ይዛ ነበር። ውስጡ ድንኳን አለ፣ አግዳሚ ወንበር አለ፣ ትልልቅ ብረት ድስት አለ፣ በካርቶን የታሰረ ሲኒ አለ። እያንዳንዱ ቤት የራሱን ድንኳን አይገዛም። ገዝቶስ የት ያስቀምጠዋል? ለቅሶ ሲደርስበት ከቅሬው ይወስዳል፣ ሲጨርስ ይመልሳል። ድንኳኑ ሲቀደድ አንድ ጊዜ ይሰፋል። ለአንዱ ተሰፋ ማለት ለሁሉም ተሰፋ ማለት ነው።

ፕሮግራሞችም እንዲሁ ናቸው። ፋይል ስታስቀምጡ የሚመጣውን «ሴቭ አዝ» የሚል መስኮት አስቡት። ኖትፓድም ላይ አንድ ነው፣ ፔይንትም ላይ አንድ ነው፣ ሌላም ብዙ ፕሮግራም ላይ ያው ነው። የፕሮግራሞቹ ሠሪዎች እያንዳንዳቸው ያንን መስኮት ከዜሮ አልጻፉትም። ዊንዶውስ ውስጥ ኮምዲኤልጂ32.ዲኤልኤል በሚባል ፋይል ተጽፎ ተቀምጧል። የፈለገ ፕሮግራም ይጠራዋል። የምትጽፉበት የእንግሊዝኛ ኪቦርድ አቀማመጥ እንኳን ኬቢዲዩኤስ.ዲኤልኤል የሚባል ፋይል ነው።

ጥቅሙ ብዙ ነው። አንድ ሥራ በአሥር ፕሮግራም ውስጥ አሥር ጊዜ ተደጋግሞ ዲስክ አይሞላም። ራምም ይቆጥባል። አሥር ፕሮግራም አንዱን ዲኤልኤል ሲጠቀም፣ ዊንዶውስ ኮዱን ራም ላይ አንድ ጊዜ አስቀምጦ ለአሥሩም ሊያካፍል ይችላል። የደኅንነት ቀዳዳ ሲገኝም አንዱን ፋይል ማደስ ብቻ በቂ ነው።

ፕሮግራሙ ዲኤልኤሉን የሚፈልግበት ቅደም ተከተልም አለ። ይህን ያወቀ ሰው ግማሹን ችግር ራሱ ይፈታል። ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የራሱን ጓዳ ያያል። ጓዳው ማለት ፕሮግራሙ የተጫነበት ፎልደር ነው። እዚያ ካጣ ወደ ቅሬው ዕቃ ቤት ይሄዳል። ዕቃ ቤቱ ዊንዶውስ ፎልደር ውስጥ ያለው ሲስተም32 ነው። ከዚያም ካጣ ሌሎች ጥቂት ቦታዎችን ያያል። በመጨረሻ ያቺን መስኮት ያወጣል።

ቅሬ ላይ ጠብ የሚነሳው አንዱ የወሰደውን ድስት በሌላ ቀይሮ ሲመልስ ነው። ዊንዶውስም በዚህ ተፈትኗል። በ1990ዎቹ፣ በፈረንጆቹ ማለቴ ነው፣ አንድ አዲስ ፕሮግራም ሲጫን የጋራውን ፋይል በራሱ አሮጌ ቅጂ ይተካው ነበር። በማግስቱ ሌሎቹ ፕሮግራሞች አልከፈት ይላሉ። ባለሙያዎቹ ያንን ዘመን «የዲኤልኤል ገሃነም» ይሉታል። ከዊንዶውስ 2000 ጀምሮ ሲስተሙ የራሱን ፋይሎች መጠበቅ ጀመረ። በ2001 የወጣው ኤክስፒ ደግሞ የአንድን ዲኤልኤል የተለያዩ ቅጂዎች ጎን ለጎን ማኖር ቻለ። ዊንዶውስ ፎልደር ውስጥ ዊንኤስኤክስኤስ የሚባል ትልቅ ፎልደር የምታዩት ለዚህ ነው። «ቦታ ይዞብኛል፣ ላጥፋው?» የሚሉኝ ብዙ ናቸው። እባካችሁ በእጃችሁ አትንኩት። ሲስተሙ ሲጎዳ መጠገኛው የሚወጣው ከዚያ ነው።

እኔ ያጠፋሁት

ሥራ የጀመርኩ ሰሞን አንድ ፍላሽ ነበረኝ። ከ400 በላይ ዲኤልኤል ሞልቼበት ነበር። ከየኮምፒውተሩ የለቀምኳቸው ናቸው። የጎደለው ስም ሲመጣ ከፍላሹ አውጥቼ ሲስተም32 ውስጥ አስገባለሁ። አንዳንዴ ይሠራል። ሲሠራ ደግሞ ደስታዬ አይጣል ነው።

አንድ ቀን የመመረቂያ ጽሑፏን የምትጨርስ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ መጣች። ዊንዶውስ አንዱን ፋይል አላስተካም አለኝ። የፋይሉን ባለቤትነት በግድ ወስጄ ተካሁት። ከሌላ የዊንዶውስ ቅጂ የመጣ ፋይል ነበር። በማግስቱ ላፕቶፑ እስከ ሰማያዊው ስክሪን ደርሶ ይቆማል። ሃርድ ዲስኩን አውጥቼ ጽሑፏን በሌላ ኮምፒውተር አተረፍኩላት። እሷ ግን ሁለት ቀን እንቅልፍ አልነበራትም። ያንን ፊቷን አልረሳውም። ፍላሹን በዚያው ሳምንት አጠፋሁት።

የተሳሳትኩት ድስቱን ብቻ ሳይ ስለነበር ነው። ዲኤልኤል ብቻውን አይኖርም። ከእህት ከወንድሞቹ ጋር በአንድ ፓኬጅ ይመጣል። አንዱን ብቻ ከሌላ ሰፈር ብታመጡት ከቀሩት ጋር አይገጥምም። ስለዚህ መጠየቅ ያለበት «ይህን ፋይል ከየት ላውርድ?» አይደለም። «ይህ ፋይል የማን ነው? ባለቤቱ በየትኛው ፓኬጅ አስቀመጠው?» ነው።

ስሙን አንብቡት

መስኮቷ ስትመጣ ቶሎ አትዝጓት። ፎቶ አንሷት። ወይም ስሙን ፊደል በፊደል ገልብጡ፣ ቁጥሩንም ጭምር። መፍትሔው ያለው ስሙ ላይ ነው። ስሞቹን እዚህ የምጽፋቸው በስልክ እንደማነባቸው በእኛ ፊደል ነው። ኮምፒውተሩ ላይ በእንግሊዝኛ ፊደል ታገኟቸዋላችሁ።

እኔ ጋ ከሁሉ የሚበዛው የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ወገን ነው። ስማቸው ኤምኤስቪሲፒ፣ ኤምኤስቪሲአር፣ ቪሲራንታይም ወይም ኤምኤፍሲ ብሎ ይጀምራል። ብዙ የዊንዶውስ ፕሮግራም የሚጻፈው በዚህ የማይክሮሶፍት መሣሪያ ነው። ሲሠራም የመሣሪያውን የጋራ ፋይሎች ይፈልጋል። እነሱም ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል በሚባል ፓኬጅ፣ ከማይክሮሶፍት ድረ ገጽ፣ በነጻ ይገኛሉ።

ቀጥሎ ቁጥሩን እዩ። 140 ከሆነ ከ2015 ወዲህ ያሉትን በአንድ የያዘው ፓኬጅ ነው። 120 ከሆነ የ2013 ነው። 110 የ2012፣ 100 የ2010፣ 90 የ2008፣ 80 የ2005። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። «አዲሱን ጭኛለሁ፣ አሮጌው ለምን ያስፈልገኛል?» የሚል ጥያቄ ሁሌ ይመጣል። አዲሱ አሮጌውን አይተካም። እያንዳንዱ ቁጥር ለብቻው ቤት ነው። በአንድ ጣሪያ ሥር የገቡት ከ2015 ወዲህ ያሉት ብቻ ናቸው። ስለዚህ ኮምፒውተራችሁ ላይ አምስት ስድስት የዚህ ፓኬጅ ስሞች ተደርድረው ብታዩ አትደንግጡ። የተደጋገመ መስሏችሁም አታጥፉ።

ትምህርት ሲዘጋ ደግሞ ሱቁ በጌም ልጆች ይሞላል። እነሱ የሚያመጡት ስም ዲ3ዲኤክስ9 ወይም ኤክስኢንፑት1 ብሎ ይጀምራል። ይህ ጌሞች ሥዕልና ድምፅ የሚያሠሩበት የማይክሮሶፍት መሣሪያ፣ የዳይሬክትኤክስ ነው። ዊንዶውስ 10 እና 11 የራሳቸው አዲስ ዳይሬክትኤክስ አላቸው። የድሮ ጌሞች የሚጠሯቸውን እነዚህን ፋይሎች ግን አብረው አይዙም። የማይክሮሶፍት ዳይሬክትኤክስ ኤንድ ዩዘር ራንታይም፣ የጁን 2010 ቅጂ፣ ሁሉንም በአንዴ ይጭናል። ሙሉው ፓኬጅ ወደ 100 ሜጋባይት ነው። አንድ ጊዜ አውርዳችሁ ፍላሽ ላይ ካኖራችሁት ለሰፈሩ ሁሉ ይበቃል።

ኤምኤስኮርኢኢ ካለ ሌላው የማይክሮሶፍት የፕሮግራም መሥሪያ፣ የዶት ኔት ነው። ዶት ኔት 3.5 የሚፈልጉ የቆዩ የቢሮ ፕሮግራሞች አሁንም ብዙ ናቸው። ኮንትሮል ፓነል ውስጥ «ተርን ዊንዶውስ ፊቸርስ ኦን ኦር ኦፍ» የሚለው ጋ ገብታችሁ ምልክት ማድረግ ነው። ኢንተርኔት ይፈልጋል።

ኤፒአይ፣ ጭረት፣ ኤምኤስ፣ ጭረት፣ ዊን፣ ጭረት፣ ሲአርቲ ብሎ የሚጀምር ረጅም ስም ከሆነ ኮምፒውተሩ ዊንዶውስ 7 ነው ብዬ እገምታለሁ። ብዙ ጊዜም አልሳሳትም። ዊንዶውስ 10 ፋይሉን ይዞ ነው የሚወጣው። ለ7 ግን ኬቢ2999226 የሚባለውን ማሻሻያ መጫን ያስፈልጋል። የዊንዶውስ 7 ድጋፍ በጃንዋሪ 2020 አብቅቷል። ማሽኑ ከቻለ ወደ አዲስ መሻገሩን እመክራለሁ።

ስሙ ኪውቲ5ኮር ከሆነ፣ ወይም የፕሮግራሙን የራሱን ስም የያዘ ከሆነ፣ ከጓዳው የጠፋ ዕቃ ነው። ዊንዶውስም የማይክሮሶፍት ፓኬጆችም አይይዙትም። ፕሮግራሙን አጥፍታችሁ ከዋናው ሴታፕ እንደገና ጫኑት። ከርነል32 ወይም ዩዘር32 የሚል ከሆነ ደግሞ የዊንዶውስ የራሱ ዐጥንት ነው። እነዚህን ፈጽሞ አታውርዱ። መጠገኛቸውን ወደ ታች እነግራችኋለሁ።

የማታውቁት ስም ከገጠማችሁ ጎግል ላይ ፈልጉ። ስሙ ላይ «ዳውንሎድ» የሚል ቃል ግን አትጨምሩ። ያቺ ቃል በቀጥታ ዲኤልኤል ወደሚያድሉ ድረ ገጾች ትወስዳችኋለች። «የምን ፕሮግራም ነው» ብላችሁ ጠይቁ። ዲኤልኤል ሥዕል አይደለም፣ ሰነድም አይደለም። የሚሠራ ኮድ ነው። ፕሮግራሙ ባነሳው ቅጽበት ውስጡ ያለው ሁሉ መሥራት ይጀምራል፣ በፕሮግራሙ ሥልጣን። ፕሮግራሙ ደግሞ ቀድሞ ጓዳውን ስለሚያይ፣ እዚያ በዚያ ስም ያገኘውን ያነሳል። ማን እንደሠራው አይጠይቅም። የወፍጮ ቤት ሒሳብ የያዘ ኮምፒውተር ላይ የማታውቁትን ሰው ማስገባት ነው።

86 ከ64 አይበልጥም

የጋሼን ላፕቶፕ ያሰናከለው ይህ ነው። እዚህ ላይ ቴክኒሻኖችም ይሳሳታሉ።

ፕሮግራም ባለ 32 ቢት ወይም ባለ 64 ቢት ይሆናል። ባለ 64 ቢቱ ዊንዶውስ ሁለቱንም ያሠራል። አንድ ፕሮግራም ግን የሚያነሳው የራሱን ዓይነት ዲኤልኤል ብቻ ነው። ድስቱና ክዳኑ ልክ መሆን አለባቸው። ያ 0ኤክስሲ000007ቢ የሚለው ቁጥር አብዛኛውን ጊዜ «ክዳኑ አልገጠመኝም» ማለት ነው። የእህታቸው ልጅ ያወረደው ባለ 32 ቢቱን ነበር፣ ፕሮግራሙ ደግሞ ባለ 64።

ስሞቹም ያሳስታሉ። ማይክሮሶፍት ፓኬጆቹን ኤክስ86 እና ኤክስ64 ይላቸዋል። ኤክስ86 ማለት 32 ቢት ነው። «86 ይበልጣል፣ እሱን ጫንኩ» ያለኝ ሰው ከአንድ በላይ ነው። ሰውየው አልተሳሳተም፣ አሰያየሙ ነው አስቸጋሪው። የፎልደሮቹ ስም ደግሞ ከዚያ ይብሳል። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ፣ ሲስተም32 የሚባለው ፎልደር የያዘው ባለ 64 ቢት ፋይሎችን ነው። ባለ 32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 በሚባለው ውስጥ ነው። የድሮ ፕሮግራሞች ሲስተም32 የሚለውን ስም ስለለመዱት ስሙን መቀየር አልተቻለም። በእጃችሁ ዲኤልኤል አትጨምሩ የምለው ለዚህም ጭምር ነው። ቦታውን በስሙ ገምቶ የሚያስቀምጥ ሰው በተቃራኒው ያስቀምጣል።

የእናንተን ለማወቅ ሴቲንግስ ክፈቱ። ሲስተም የሚለውን፣ ከዚያ አባውት የሚለውን ተጫኑ። «ሲስተም ታይፕ» ላይ ተጽፎ ታገኙታላችሁ። 32 ካለ ኤክስ86ን ብቻ ጫኑ። 64 ካለ ግን ሁለቱንም ጫኑ። ባለ 64 ቢት ኮምፒውተር ላይ ባለ 32 ቢት ፕሮግራም ሞልቷል፣ እሱም የራሱን ይፈልጋል። ከ2015 ወዲህ ያሉትን የያዘው ፓኬጅ እያንዳንዱ ዓይነት ከ30 ሜጋባይት በታች ነው።

በጋሼ ላፕቶፕ ላይ ያደረግኩትን ልንገራችሁ። መጀመሪያ ልጁ ያስገባውን ፋይል አገኘሁና አጠፋሁ። በተቀመጠበት ቀን ደርድሬ ነው ያገኘሁት። ከዚያ ኤክስ64ን ጫንኩ፣ ቀጥሎ ኤክስ86ን። ሪስታርት አደረግኩ። ፕሮግራሙ ተከፈተ። አለቀ። ፓኬጁ ቀድሞ ተጭኖ ችግሩ ካልለቀቃችሁ ደግሞ ሴቲንግስ ውስጥ አፕስ ጋ ሂዱ። ከዝርዝሩ ፓኬጁን አግኙና «ሞዲፋይ» በሉት። «ሪፔር» የሚል ይመጣል። የጎደለውን ራሱ ይሞላል።

የዊንዶውስ የራሱ ፋይል ሲጎዳ

መብራት በድንገት ሲጠፋ፣ ባትሪው የሞተ ላፕቶፕ ወይም ዩፒኤስ የሌለው ዴስክቶፕ እየጻፈ ያለውን ፋይል ሳይጨርስ ይቆረጣል። አንዳንዴ የሚጎዳው የሲስተሙ ፋይል ይሆናል። ለዚህ ዊንዶውስ የራሱ ጠጋኝ አለው። ከመርሳም ከኩታ በርም ሲደውሉልኝ በስልክ የማነበው ይህንን ነው።

ስታርት ላይ ሲኤምዲ ብላችሁ ጻፉ። ኮማንድ ፕሮምፕት ይመጣል። ራይት ክሊክ አድርጉና «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» በሉት። ጥቁሩ መስኮት ሲከፈት ኤስ፣ ኤፍ፣ ሲ ጻፉ። አንድ ክፍት ቦታ ተዉ። ከዚያ ወደ ቀኝ ያጋደለችውን ስላሽ፣ እሷን ተከትሎ ስካንናው፣ ሳይለያይ። ኢንተር። ቡና ጠጥታችሁ ተመለሱ። ምንም ጉዳት አላገኘሁም ይላል፣ ወይም አግኝቼ ጠግኛለሁ ይላል፣ ወይም አንዳንዱን መጠገን አልቻልኩም ይላል።

ሦስተኛው ከሆነ መጠገኛው መጋዘን ራሱ ተጎድቷል። እዚያው መስኮት ላይ ዲ፣ አይ፣ ኤስ፣ ኤም ጻፉ። ክፍት ቦታ። ስላሽ ኦንላይን። ክፍት ቦታ። ስላሽ ክሊንአፕ፣ ጭረት፣ ኢሜጅ፣ ሳይለያይ። ክፍት ቦታ። ስላሽ ሪስቶርሄልዝ፣ አንድ ቃል። ይህኛው ጤነኛ ፋይሎችን ከኢንተርኔት ስለሚያመጣ ዳታ ያስፈልጋችኋል። ቁጥሩ መሃል ላይ ቆሞ ሊያስጨንቃችሁ ይችላል። አትዝጉት። ሲጨርስ የመጀመሪያውን ትእዛዝ ድገሙት። ትእዛዞቹ ፎቶዎቻችሁን አይነኩም፣ ሰነዶቻችሁንም አይነኩም።

ሬግኤስቪአር32 የሚባል ትእዛዝም በየቦታው ሲመከር ታያላችሁ። እሱ የሚያገለግለው አንዳንድ ዓይነት ዲኤልኤሎችን ለማስመዝገብ ነው። የጠፋ ፋይል አያመጣም። እለፉት።

ሌሎች የሚገጥሟችሁ

አንዳንዴ መስኮቷ ፋይሉ የለም አትልም። «ኢንትሪ ፖይንት» አልተገኘም ትላለች። ይህ ሌላ ነገር ነው። ድንኳኑ መጥቷል፣ ካስማው ጎድሏል። ፋይሉ ተገኝቷል ማለት ነው፣ ፕሮግራሙ የሚጠራው ሥራ ግን ውስጡ የለም። ዲኤልኤሉ አሮጌ ነው፣ ወይም ሰው ቀይሮታል። የፕሮግራሙን ጓዳ እዩ። በእጅ የተጨመረ ፋይል ካለ አውጡት። ከዚያ ፓኬጁን ወይም ፕሮግራሙን አድሱ።

ሌላው በጣም የተለመደው በፍላሽ መገልበጥ ነው። ጓደኛ ጋ ያለውን ፕሮግራም ከፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ ፎልደሩን ኮፒ አድርጎ ማምጣት። ጓዳውን አመጣችሁ፣ የቅሬውን ዕቃ ግን አላመጣችሁም። ሴታፕ የሚባለው ለዚህ ነው ያለው። የጋራውን ዕቃ አብሮ ይጭናል፣ ያስመዘግባል። ስለዚህ ጓደኛችሁን ሴታፑን ጠይቁት።

ትናንት ሲሠራ የነበረ ፕሮግራም ዛሬ ዲኤልኤል ጠፋኝ ካለ አንቲቫይረሱን ጠይቁ። ዊንዶውስ ሴኩሪቲ ውስጥ «ፕሮቴክሽን ሂስትሪ» የሚል አለ። ያሰረው ፋይል ስምና ሰዓት ተጽፎ ታገኛላችሁ። ፕሮግራሙ ከታወቀ ቦታ የመጣ ከሆነ መመለስ ይቻላል። ክራክ ከሆነ፣ ማለትም ሳይከፈልበት እንዲሠራ የተነካካ ቅጂ ከሆነ፣ እኔ አልመልስም። ክራክ ብዙ ጊዜ የሚሠራው ዋናውን ዲኤልኤል በተቀየረ ዲኤልኤል በመተካት ነው፣ ምን እንደተጨመረበት የሚያውቅ የለም። የዋናው ዋጋ ለብዙዎቻችን ከባድ መሆኑን አውቃለሁ። ለጽሑፍና ለሠንጠረዥ ሥራ ግን ሊብረኦፊስ በነጻ አለ፣ አማርኛም ይጽፋል። ለተማሪዎች ሁሌ እሱን ነው የምጭነው።

ሊኑክስ የምትጠቀሙ ጥቂቶች፣ ነገሩ ያው ነው። እዚያ ፋይሎቹ ሊብ ብለው ጀምረው ኤስኦ ብለው ይጨርሳሉ። ኤልዲዲ የሚለው ትእዛዝ ፕሮግራሙ የትኞቹን እንደሚፈልግና የትኛው እንደጎደለ ይዘረዝርላችኋል። የጎደለውን በእጅ ሳይሆን በፓኬጅ ማኔጀሩ ጫኑ።

አሁን ሱቅ ያለው ፍላሽ ላይ አንድም ለብቻው የቆመ ዲኤልኤል የለም። የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ፓኬጆች ከ2005 ጀምሮ በሁለቱም ዓይነት አሉበት። የጁን 2010 ዳይሬክትኤክስ አለበት። ለዊንዶውስ 7 ያ ማሻሻያ አለበት። ሁሉም ከማይክሮሶፍት የወረዱ ናቸው። ፋይሎቹን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ፣ ፕሮፐርቲስ ውስጥ «ዲጂታል ሲግኔቸርስ» ላይ ፈራሚውን ማየት ትችላላችሁ። ጋሼ ሲሄዱ ለእህታቸው ልጅ ብለው ሁሉንም አስገልብጠው ወሰዱ። አንድ ጊጋ አይሞላም። ደሴ ፒያሳ ስታልፉ ባዶ ፍላሽ ይዛችሁ ግቡ፣ ለመገልበጥ ገንዘብ አልቀበልም።